ሪዛሙ ሰውዬ በከላላ

ጡረታ በወጣሁ ሳምንት ንብረት ክፍል ውስጥ ከአንዲት ወጣት ሠራተኛ ጋር ዕቃ ስንረካከብ ዋልን። ሁለት ፕሮጀክተር፣ አንዱ ከሞተ የቆየ። አንድ ጄነሬተር። ድምፅ ማጉያ ከነማይክሮፎኑ። ፊልም የምናሳይበት አንድ ትልቅ አቡጀዲ፣ ጠርዙን አይጥ የበላው። እኔ እጠራለሁ፣ እሷ ትጽፋለች። የፊልም ጣሳዎቹ ላይ ስንደርስ እስክሪብቶዋን አነሳችና፣

«እነዚህንስ ምን ልበላቸው ጋሼ?» አለችኝ።

«ቀልድ በያቸው።»

«ቀልድ ብዬ ንብረት መዝገብ ላይ ልጻፍ?»

«ምን ላድርግሽ፣ ቀልድ ናቸዋ!»

ሳቀች። ልጅ ናት፣ ትሳቅ። እኔ ግን አንዷን ጣሳ እንደያዝኩ ቆሜ ቀረሁ። ሰው ዕድሜውን ሙሉ ሲያስቅ ኖሮ ከሁሉ አብልጦ የሚያስታውሰው ያልተሳቀበትን አንድ ቀን ከሆነ ምን ይባላል? የምጽፈው ስለዚያ ቀን ነው። ሌላውን እንደ መንገድ ቁጠሩት።

ሥራዬ ሲኒማ ማሳየት ነበር። ሲኒማ ቤት ተቀምጬ አይደለም፤ በመሥሪያ ቤቱ አሮጌ መኪና እየዞርኩ ነው። ከደሴ ተነስተን ወደ ምዕራብ፣ አጅባር፣ መካነ ሰላም፣ ከላላ። መንግሥት ተለውጦ የመሥሪያ ቤታችን ስም ሁለት ሦስት ጊዜ ሲቀያየር መኪናዋም ፊልሞቹም እኛም ያው ነበርን። መጀመሪያ ስለ እርከን፣ ስለ ችግኝ፣ ስለ ክትባት እናሳያለን፤ ሕዝቡ ጨዋ ነው፣ ዝም ብሎ ያያል። ቀልዱ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። አለቃችን፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ይህ ነገር አይዋጥለትም ነበር። «ሕዝቡን ስለ እርከን ብትጠይቁት አያውቅም፤ ያንን የቀልዱን ሪዛም ሰውዬ ግን እንደ ጎረቤቱ ያውቀዋል!» እያለ ይቆጣል። እውነቱን ነው። ግን ቀልዱ ባይኖር ለእርከኑስ ማን ይመጣ ነበር?

አባቴ መሪጌታ ነበሩ። እኔም ቦረና ውስጥ ዜማ ስማር አድጌ፣ ድምፅ አለው ተብዬ፣ ድቁና ከተቀበልኩ በኋላ ነው ጥዬ አስኳላ የገባሁት። የሲኒማ ሠራተኛ መሆኔን ሲሰሙ፣ «እግዚአብሔር ድምፅ ቢሰጠው ለጥላ አዋለው» አሉ። እስኪሞቱ ድረስ አንድም ቀን መጥተው አላዩም። ያን ጊዜ ተቀይሜያቸው ነበር።

ሥራውን ያስተማሩኝ ጋሽ ሰይድ ናቸው። የደሴ ሰው፣ ቀጭን፣ ቁጣቸው ቅርብ፣ ይቅርታቸውም ቅርብ። እጃቸውን ሳይታጠቡ የፊልም ጣሳ አይከፍቱም። ፊልሙን ወደ ብርሃን አንስተው አያዩም፤ ዓይናቸውን ጨፍነው ከአንዱ ጥቅል ወደ ሌላው ሲያዞሩት ጠርዙን በአውራ ጣታቸውና በሌባ ጣታቸው መሐል ያሳልፉታል። «የተቀደደውን ዓይን ያልፈዋል፤ ጣት ናት የማታልፈው» ይላሉ። ድንገት ቆም ይላሉ። እዚያ ላይ ተቀዷል ማለት ነው። በምላጭ ይቆርጡታል፣ ጠርዙን ፋቅ ያደርጉታል፣ ሙጫ ቀብተው ልባቸው እስኪሞላ ይጫኑታል። ፕሮጀክተሩ ላይ ሲያስገቡትም ከሌንሱ በላይና በታች ትንሽ ልል ይተዉለታል። እኔ ጀማሪ ሳለሁ ስንቴ ወጥሬ በጠስኩ መሰላችሁ! አምፖሉ ደግሞ እሳት ነው፤ ፊልሙ እፊቱ ከቆመ ምስሉ መሐሉ ላይ ጠቁሮ ይንጨረጨራል። ስለዚህ ምንም ነገር ቢፈጠር መጀመሪያ አምፖሉን፣ ከዚያ ሞተሩን ማጥፋት ነው። ይህን እንቅልፍ ውስጥም ሆኜ እስካደርገው ድረስ ደጋገሙብኝ።

ቀልዶቹ ሦስት ነበሩ። ፈረንጆቹ ሲኒማን ገና ሲጀምሩት የሠሯቸው፣ ድምፅ የሌላቸው፣ አጫጭር። በሦስቱም ውስጥ ያለው ያው አንድ ሪዛም ሰውዬ ነው። ከረባት አስሮ፣ ባርኔጣ ደፍቶ ከከተማ ይወጣና ስፖርት እሠራለሁ ይላል። በአንዱ ተራራ ይወጣል፣ በአንዱ ዳክዬ ያድናል፣ በአንዱ ጀልባ ይቀዝፋል። ሦስቱንም አያውቅበትም። ገመዱ እግሩ ላይ ይጠመጠማል፤ ጠመንጃው ወደ ኋላ ገፍቶ ጭቃ ውስጥ ያስቀምጠዋል፤ መቅዘፊያው ዞሮ ማጅራቱን ይለዋል።

ችግሩ፣ ሰውዬው ለምን እንደሚለፋ ለአገሬው አይገባውም። ለመዝናናት ብሎ ተራራ የሚወጣ ሰው ማን አይቶ ያውቃል? መካነ ሰላም ተራራውን ስናሳይ አንድ ሽማግሌ ብድግ አሉና፣ «ቆይ እስቲ፣ ይህ ሰው ምን ጠፍቶበት ነው?» አሉ።

ጋሽ ሰይድ ማይክሮፎኑን አነሱ። «በቅሎው ጠፍታበት ነው አባቴ!»

«አይ የሰው መከራ!» አሉ ሽማግሌው፣ ተቀመጡ። ከዚያ በኋላ ሰውዬው በተንሸራተተ ቁጥር ሕዝቡ «ወደ ግራ! ወደ ግራ ናት!» እያለ በቅሎዋን አብሮት ይፈልግ ጀመር። አጅባር ላይ ደግሞ ዳክዬዎቹ ማሳውን እየፈጁበት ነው አልናቸው፤ ገበሬው በሙሉ ከሪዛሙ ጎን ቆመ። እንዲህ እንዲህ እያልን ማውራቱ ወደ እኔ ዞረ። በዜማ ያደገ ጉሮሮ ለካ ለዚህም ይሆናል! መቼ ዝቅ፣ መቼ ከፍ እንደሚባል አውቃለሁ፤ ሰውዬው ከመውደቁ በፊት ትንሽ ዝም ማለት እንዳለብኝ አውቃለሁ።

ስምም እንሰጠዋለን። በየከተማው ከሚታወቅ አንድ ተጫዋች ሰው ስም እንወስድለታለን። ለዚህ ጋሽ ሰይድ ጥብቅ ደንብ ነበራቸው። ከመኪና ወርደን ዕቃ ከማውረዳችን በፊት አንድ አዛውንት ፈልገው አጠገባቸው ቁጢጥ ይላሉ። «አፊያ ናችሁ? አገሩ አማን ነው? ያዘነ ቤት አለ?» ሐዘን ካለ ቀልዱ አይከፈትም፤ እርከናችንን አሳይተን እንሄዳለን። ሐዘን ከሌለ ስሙን የሚመርጡት እፊታቸው ከተቀመጠ ሰው ነው። «ባለስሙ እያየኸው ይሳቅ» ይሉኛል። «የሌለን ሰው ስም እንዳትጠራ። የት እንዳለ አላህ ነው የሚያውቀው።»

እሺ እላለሁ። የሽማግሌ ወግ አድርጌ ነበር የያዝኩት።

ከላላ መጀመሪያ አብረን ስንሄድ ጀማል የሚባል ጎረምሳ ነበር። ገበያ ውስጥ ሸቀጥ ይነግዳል፤ ሳቁ ከጄነሬተሩ ይበልጣል። ጋሽ ሰይድ ስሙን ለሪዛሙ ሰጡት። ጀማል ጀልባ ላይ ወጣ፣ ጀማል መቅዘፊያ ጣለ፣ ጀማል ባለበት ዞረ እያልኩ ሳወራ እሱ መሬት ላይ ይንከባለላል። እናቱ እትዬ ሐዋ አጠገቡ ተቀምጠዋል። ባላቸው ሞቷል፣ ከጀማል ሌላ ልጅ የላቸውም። በነጠላቸው አፋቸውን ይዘው፣ «ኧረ ልጄን ፈጃችሁት!» እያሉ ይስቃሉ። ሲያልቅ ወደ እኔ መጥተው፣ «በል ደግሞ ስትመጣ ዋና አስተምርልኝ!» አሉኝ። እኔም «አብሽሩ፣ አስተምረዋለሁ» አልኳቸው።

ብዙም ሳይቆይ ጋሽ ሰይድ ጡረታ ወጡ፣ እኔ በቦታቸው ተተካሁ። ደመወዜ ትንሽ ከፍ አለ፤ የውሎ አበሉ ግን እንደ ልማዱ ይዘገያል። ከሁሉ የከፋው ኩራቱ ነው። የምሄድበት ከተማ ሁሉ «ሲኒማው መጣ!» እያለ ሲቀበለኝ ሰው የሆንኩ መሰለኝ።

ወደ ከላላ ሁለተኛ ስሄድ እኔና ሹፌሩ ብቻ ነበርን። መንገድ ላይ ጭቃ ያዘንና በገበያው ቀን ጠዋት መድረስ ሲገባን ቀትር አልፎ ደረስን። ሰማዩ ስለዳመነ እንደ ልማዳችን ማታ ሜዳ ላይ ማሳየቱ ቀረና የገበሬ ማኅበሩን መጋዘን ከፈቱልን። መስኮቶቹን በጆንያ ደፈንናቸው፣ አቡጀዲውን ወጠርነው፤ ሰው ከገበያው እየጎረፈ ገባ። አዛውንት ፈልጌ ቁጢጥ አላልኩም። ሰዓቱ ሄዷል፤ ደግሞስ ከላላን አውቀው የለ!

ሼህ እንድሪስ የሚባሉ፣ አገሩ የሚሰማቸው ሰው በሩ ላይ ክንዴን ያዙኝ።

«ልጄ፣ አንድ ጊዜ ወደ ውጭ ብቅ በል። አንድ ነገር ልንገርህ።»

«አባቴ፣ ጄነሬተሩ ነዳጅ እየበላ ነው። ሲያልቅ እንጫወታለን።»

«አይ፣ ሳይጀመር ቢሆን ነው የሚሻል...»

«ሲያልቅ፣ ኢንሻላህ!» አልኩና እጄን አስለቀቅሁ። ሽማግሌው እዚያው በሩ ላይ ቆመው ቀሩ።

ሊነግሩኝ የነበረውን ኋላ ነው የሰማሁት፤ እናንተ ግን አሁኑኑ እወቁት። ጀማል በዚያ ዓመት እንደ ብዙ እኩዮቹ በባሕር ወደ አረብ አገር ሊሻገር ሄዶ ነበር። ጀልባቸው ተገለበጠች። አብሮት የነበረ አንድ የአገሩ ልጅ ተርፎ ተመልሶ መጣና ወሬውን ለሼህ እንድሪስ ነገራቸው። ሬሳ የለም፣ መቃብር የለም። ከላላ በሙሉ ሰምቷል፤ ያልሰሙት እናቱ ብቻ ናቸው።

እኛ አገር መርዶ እንደ ተራ ወሬ አይነገርም። ዘመድ ተሰብስቦ፣ ሽማግሌ ቀድሞ፣ ጎህ ሲቀድ ነው በሩ የሚንኳኳው። የእትዬ ሐዋም ወንድማቸው ከመካነ ሰላም እስኪደርስ ተጠብቆ በማግስቱ ንጋት ሊነገራቸው ተቆርጦ ነበር። ታዲያ እስከዚያ ገበያ ውስጥ አንድ ሰው አፉ እንዳያመልጠው ጎረቤቶቻቸው ምን መላ መቱ መሰላችሁ? ሲኒማ ይዘዋቸው መጡ። ሳቅ ያለበት ቦታ ማን መርዶ ይናገራል ብለው ነው። የተናገርኩት እኔ ነኝ።

እርከኑን አሳየሁ። ክትባቱን አሳየሁ። ከዚያ እጄ የጀልባውን ጣሳ አነሳ፤ ከላላ የሚወደው ጀልባውን ነው ብዬ። እትዬ ሐዋ ከፊት፣ ዱካ ላይ ተቀምጠዋል፤ ከአቡጀዲው የሚመለሰው ብርሃን ፊታቸውን ያሳየኛል። ጀማልን በዓይኔ ፈለግሁና አጣሁት። ገበያ ላይ ይሆናል፣ ስሙ ሲጠራ ይመጣል አልኩ። ማይክሮፎኑን አነሳሁ።

«እነሆ ጀማል! የከላላው ጀማል፣ ዛሬም ዋና ሳይማር ጀልባ ላይ ወጣ!»

አንድ ሰው ሳቀ። እትዬ ሐዋ ናቸው። ሌላ የሳቀ የለም።

ሕዝብ ካልሳቀ ድምፅህን ጨምር የሚል የራሴ ደንብ ነበረኝ፤ ጋሽ ሰይድ ያላስተማሩኝ። ጨመርኩ። «ኧረ ጀማል፣ መቅዘፊያውን ያዝ እንጂ! እናትህ እኮ እያየችህ ነው!» እሳቸው አሁንም ሳቁ፤ ግን ሳቃቸው ብቻውን ሲሆንባቸው ጊዜ መሐል ላይ ቀነስ አደረጉት። ጀልባዋ ተገለበጠች። ሰውዬው ተሰወረ፤ ባርኔጣው ብቻ ውሃው ላይ ይዞራል።

«ጀማል ሰመጠ!» አልኩ፣ ባለኝ ድምፅ ሁሉ። «በቃ፣ ጀማልን ዓሣ በላው!»

እትዬ ሐዋ መጀመሪያ ወደ ግራ ዞረው አዩ። ጎረቤታቸው ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጎስጉሳለች። ወደ ቀኝ ዞሩ። መጋዘኑን የሞላው ሰው ፊልሙን ትቶ እሳቸውን ነው የሚያየው፤ ዓይናቸው ሲያርፍበት ደግሞ አንገቱን ይደፋል። ቀስ ብለው ተነሡ። ጥላቸው አቡጀዲው ላይ፣ ውሃው መሐል አረፈ።

«ልጄን ምን አገኘው?» አሉ።

ከውጭ ጄነሬተሩ ይጮሃል።

«እናንተ ሰዎች፣ በአላህ! ለምን አትስቁም? ጀማሌን ምን አገኘው?»

ሼህ እንድሪስ ከበሩ በሰው መሐል እየተጋፉ መጡ። «ሐዋ፣ ሰብር አድርጊ» አሉ። ሌላ ቃል አላስፈለገም።

ጩኸታቸውን አልጽፈውም። መጀመሪያ አምፖሉን አጠፋሁ፣ ከዚያ ሞተሩን። እጄ የለመደውን ሠራ፤ ከዚያ በኋላ ግን ማይክሮፎኑን የት እንደማስቀምጠው ጠፋኝ። ማንም አልሰደበኝም፣ ማንም አልመታኝም። ቢመቱኝ ምንኛ በወደድኩ! ሴቶቹ እትዬ ሐዋን ደግፈው ሲያወጡ አንዲቷ በአጠገቤ እያለፈች «እሱ ምን ያድርግ፣ አያውቅ» አለች። ከስድብ ሁሉ የባሰችብኝ እሷ ናት፤ ማወቅ እችል ነበርና። የሚነግረኝ ሰው ክንዴን ይዞኝ ነበር።

ሹፌሩን ንዳ አልኩት። ሸሸሁ። አቡጀዲውን እንኳ በወጉ አላጠፍነውም።

ደሴ ገብቼ በቀጥታ ጋሽ ሰይድ ቤት ሄድኩ። ሁሉንም ነገርኳቸው። ሲቆጡ የማውቃቸው ሰው አልተቆጡም።

«ጠየቅህ?» አሉ በመጨረሻ።

«አልጠየቅሁም።»

«ባለስሙ እፊትህ ነበር?»

«አልነበረም።»

«ለቅሶስ ደረስህ?»

«እንዴት አድርጌ ጋሽ ሰይድ! በምን ዓይኔ አያቸዋለሁ?»

«በዚያው ባለህ ዓይንህ። ተነሥ፣ ሂድ። ሳትሄድ ብትቀር ግን ሁለተኛ ማይክሮፎን እንዳትይዝ።»

በሰባተኛው ቀን ከላላ ተመለስኩ። ግቢው በሰው ተሞልቷል፤ ስገባ ወሬው ሁሉ ቀጥ አለ። እትዬ ሐዋ መደብ ላይ ናቸው፤ በሰባት ቀን ሰው እንዲያ ያረጃል? እግራቸው ሥር ወደቅሁ።

«አፉ በሉኝ እትዬ ሐዋ። ሳላውቅ ነው አልልም። ሊነግሩኝ ሲመጡ አልሰማም ብዬ ነው።»

«ባለ ሲኒማው ነህ?» አሉኝ። ድምፃቸው ተዘግቷል። «ተነሥ፣ ተቀመጥ። የኔን ልጅ የወሰደው ባሕሩ ነው እንጂ አንተ አይደለህ። አንድ ነገር ልጠይቅህ ነበር። ያ ሰውዬ፣ ያ ሪዛሙ። ከውሃው ይወጣል?»

ቤቱ ሁሉ ያየኛል። «ይወጣል» አልኩ።

«ወላሂ በል።»

«ወላሂ ይወጣል እትዬ።» እኔ የመሪጌታው ልጅ፣ ወላሂ ብዬ ማልኩ።

«ታዲያ ሳይወጣ ለምን አጠፋኸው?»

ሰው መሐል ተቀምጬ እንደ ሕፃን አለቀስኩ፤ ሼህ እንድሪስ «ይበቃል፣ አብሽር» እያሉ ትከሻዬን ይይዙኛል።

ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት ሠራሁ። ለሪዛሙ ስም መስጠት አቆምኩ፤ «ሰውዬው» እያልኩ አወራለሁ፣ ሳቁም እንደ ድሮው አልሆነልኝም። አለቃዬ ምን ነካህ ሲለኝ ጉሮሮዬን አሞኛል አልኩት። ኋላ ቪዲዮ ቤቶች መጡ። ከዚያ ከአረብ አገር የተመለሱት ልጆች ቴሌቪዥንና ዲሽ ይዘው ገቡ፤ ሰዉም ቤቱ ተቀምጦ የፈለገውን ሲያይ የእኛ አቡጀዲ ከእርከን ፊልም በቀር የሚያሳየው ጠፋ። አላዘንኩም። ሥራው እኔን ሳይተወኝ በፊት እኔ ልቤን ከሱ አውጥቼ ነበር።

ከዚያ ቀን ወዲህ የጀልባውን ጣሳ አንድ ጊዜ ብቻ ከፍቼዋለሁ። በተከታዩ ዓመት ነው፣ እዚያው ከላላ። ከቀትር በፊት መጋዘኑ ውስጥ ሆኜ አቡጀዲ ስወጥር እትዬ ሐዋ ብቻቸውን ገቡ። ሰላምታ ተለዋወጥን፤ ሰላምታው ሲያልቅ አልሄዱም።

«ያንን ጨርስልኝ» አሉ።

«ተበጥሷል እትዬ» አልኩ። ዋሸሁ።

«ቀጥለው። ስትቀጥል አይቼሃለሁ።»

«እርስዎን ደግሞ ላሳምም? ይቅርብዎ፣ በእመብርሃን!»

«ዓመት ሙሉ እዚያ ውሃ ውስጥ ነው ያለብኝ። ዓይኔን በጨፈንኩ ቁጥር ባርኔጣው ይዞራል። ጨርስልኝ ልጄ።»

ጆንያዎቹን መስኮት ላይ ሰቀልኩ። ጄነሬተሩን አስነሣሁ። ፊልሙን ካቆምኩበት ጀመርኩት። ማይክሮፎኑን አልነካሁም። እትዬ ሐዋ የዚያን ዕለት በተቀመጡበት ቦታ፣ መሬት ላይ ተቀመጡ። ባርኔጣው ውሃው ላይ ዞረ፣ ዞረ። ከዚያ ከሥሩ ጭንቅላት ብቅ አለ። ሰውዬው ከአፉ ውሃ እየተፋ፣ እየተንፈራገጠ ዳር ደረሰ፤ ሣሩ ላይ ተቀምጦ ጫማውን አወለቀና ውሃውን ደፋ። በፊት ሕዝቡ ከሁሉ አብልጦ የሚስቀው እዚህች ላይ ነበር። እትዬ ሐዋ ትንፋሻቸውን ይዘው ኖሯል፣ ለቀቁት።

«እሰይ» አሉ። «ለእናቱ ተረፈላት።»